ፍሬቻ ሲያስቸግር ሪሌ ለመግዛት አትቸኩል

ጥያቄው ከደሴ የመጣ ነው። ጠያቂው ከአባቱ የወረሳትን አሮጌ ኮሮላ ዲኤክስ ይነዳል። በየቀኑ ከደሴ ኮምቦልቻ ይመላለሳል። ያለውን ላሳጥረው፦ «የቀኝ ፍሬቻ ልክ ነው። የግራው ግን እንደ ጉድ ይፈጥናል። ግራ ሳበራ ደግሞ የኋላ ፓርኪንግ መብራቱም አብሮ ይርገበገባል። ሃዛርድ (አራቱንም ፍሬቻ በአንዴ የሚያበራውን) ስጫን ምንም የለም፤ ድምፅ እንኳ አይሰማም። ክረምቱ ከገባ ወዲህ ነው የባሰበት። ፍሬቻውን የሚያበራ የሚያጠፋውን ሪሌ ሁለት ጊዜ ቀየርኩ፤ ያው ነው። ሦስተኛ ልግዛ? ባለ ሁለት እግር ይሻላል ባለ ሦስት? ሽቦው በፊት ተቆራርጦ ስለነበር የቱ የት እንደሚገባም አላውቅም። አምፖሎቹን በኤልኢዲ ብለውጣቸውስ?»

አብሽር ወንድሜ። ሦስተኛውን አትግዛ። ሪሌህ ደህና ነው።

በምን አወቅህ ካልከኝ አንተው ነግረኸኛል። የቀኙ ልክ ነው አልክ። ግራውንም ቀኙንም የሚያበራው የሚያጠፋው ያው አንድ ሪሌ ነው። እሱ ቢበላሽ ኖሮ ቀኙም አብሮ ያብድ ነበር። አንዱ ጎን በወጉ እየሠራ ሌላው ጎን ካስቸገረ፣ ጥፋቱ ከሪሌው ወዲያ ነው። ወይ አምፖል ነው፣ ወይ መቀመጫው፣ ወይ ሽቦው፣ ወይ ማሳው። ማሳ የምንለው ከቦዲው ጋር የሚገናኘውን ኔጌቲቭ ነው።

እኔም በዚህ ተምሬያለሁ። ኮምቦልቻ ጋራዥ ውስጥ ረዳት ሳለሁ አንድ ፔጆ 404 መጣ። ፍሬቻው አልሠራ ብሎ ሦስት ሪሌ ቀያየርንለት። ባለቤቱ ሦስቱንም ከፈሉ። በመጨረሻ የተገኘው ከኋላ መብራቱ ሥር አንድ የዛገ ብሎን ነው። ብሎኑን በብርጭቆ ወረቀት አሸት አሸት አድርገን ስናጠብቀው የመጀመሪያው ሪሌ ራሱ ሠራ። የእኚያን ሰው ገንዘብ እስከ ዛሬ አልረሳሁትም። ስለዚህ ሰው ሁሉ ሪሌ ለመግዛት ሲሮጥ ሳይ ዝም ማለት አይሆንልኝም።

መጀመሪያ ሪሌው እንዴት እንደሚሠራ ልንገርህ፤ ይህን ካወቅህ ግማሹን ችግር ራስህ ትፈታዋለህ።

የድሮው ባለ ሁለት እግር ሪሌ ውስጡ ስስ የብረት ቅጠል አለው። ቅጠሉ ሁለት ዓይነት ብረት ተጣብቆ የተሠራ ነው፤ ሲሞቅ ይታጠፋል። ወደ አምፖሎቹ የሚሄደው ከረንት ነው የሚያሞቀው። ሲታጠፍ ይላቀቅና መብራቱ ይጠፋል። ሲቀዘቅዝ ይመለስና እንደገና ይበራል። ትክ ታክ የሚለው ድምፅ ከዚያ ነው የሚመጣው። አንድ አምፖል ሲቃጠል ከረንቱ ስለሚቀንስ ቅጠሉ በደንብ አይሞቅም። ያኔ ፍሬቻው ይዘገያል፣ ወይ ጭራሽ በርቶ ይቀራል።

ባለ ሦስት እግሩ ግን ኤሌክትሮኒክ ነው። ጊዜውን የሚቆጥረው ውስጡ ያለ ትንሽ ሰርኪት ነው። ሦስተኛው እግር ለዚህ ሰርኪት ማሳ ይሰጠዋል። ይህ ዓይነቱ የሚያልፈውን ከረንት ይለካል። አንድ 21 ዋት አምፖል በ12 ቮልት 1.75 አምፒር ይወስዳል። የፊትና የኋላው ሲደመር 3.5 ይሆናል። አንዱ ሲጠፋ ግማሹ ይቀራል። ሪሌው ይህን ሲያይ እጥፍ ያህል ይፈጥናል። እንዲህ የተሠራው ሆን ተብሎ ነው፤ ሾፌሩ ከመኪናው ሳይወርድ አምፖል መቃጠሉን እንዲያውቅ። ያንተም ግራ ፍሬቻ ሲፈጥን «በዚህ ጎን ከረንት አነሰኝ» እያለህ ነው።

አሁን ወደ መኪናህ እንግባ።

ቁልፉን አዙርና ግራ ፍሬቻ አብራ። ወርደህ ፊትና ኋላውን እይ። አንዱ ጭራሽ ካልበራ አምፖሉን አውጣ። ክሩ ተበጥሶ ወይም ብርጭቆው ጠቁሮ ከሆነ ቀይር። ስትገዛ ግን ወገቡ ላይ የተጻፈውን አንብብ። 21 ዋት መሆን አለበት። እዚያው መቀመጫ ላይ በትክክል የሚገጥሙ 5 ዋትና 10 ዋት አምፖሎች አሉ። አንገታቸው አንድ ነው፣ ይበራሉ፣ ሰው ልብ አይላቸውም። ሪሌው ግን ልብ ይላል፤ ይፈጥናል። ስንቱ መኪና በዚህ ብቻ ጋራዥ ውሎ ሄዷል!

ያንተ ችግር ግን ከአምፖል ያለፈ ይመስለኛል። የኋላ ፓርኪንግ መብራቱ ከፍሬቻው ጋር ይርገበገባል አልክ። ይሄ ትልቅ ምልክት ነው። የኋላ መብራቱ ውስጥ ያሉት አምፖሎች፣ ፍሬቻውም ስቶፑም ፓርኪንጉም፣ አንድ ማሳ ይጋራሉ። ማሳው ሲዝግ የፍሬቻው ከረንት መመለሻ ያጣል። ውሃ መንገዱ ሲዘጋበት በጎን እንደሚፈልቀው፣ ከረንቱም በፓርኪንጉ አምፖል ክር በኩል ወደ ኋላ ይሄድና በሌሎቹ ፓርኪንግ መብራቶች አድርጎ ማሳ ያገኛል። በዚህ ዙሪያ ጥምጥም ውስጥ ከረንቱ ይቀንሳል። ስለዚህ ፍሬቻው ይደበዝዛል፣ ሪሌው ይፈጥናል፣ ፓርኪንጉ ይርገበገባል። ሦስቱም ምልክት ከአንድ የዛገ ብሎን ነው የሚመጣው።

ለማረጋገጥ ውድ መሣሪያ አያስፈልግህም። አንድ ሜትር ሽቦ በቂ ነው። አንዱን ጫፍ የግራ ኋላ መብራቱ ማሳ ላይ ያዝ። ሌላውን ጫፍ ቀለም በሌለው ንጹህ የቦዲ ብረት ላይ አስነካ። ፍሬቻው ወዲያው ከተስተካከለ ጥፋቱን አገኘኸው። ቮልት የሚለካ ቴስተር ካለህ ደግሞ በዲሲ ቮልት አድርገው። ጥቁሩን ባትሪው ኔጌቲቭ ላይ፣ ቀዩን የአምፖሉ መቀመጫ ብረት ላይ አድርግ። ፍሬቻው ሲበራ ዜሮ አካባቢ ማንበብ አለበት። ግማሽ ቮልትና ከዚያ በላይ ካሳየ ማሳው ታሟል።

ክረምት ላይ የባሰበትም በዚህ ምክንያት ነው። ደሴ ከኮምቦልቻ ከ500 ሜትር በላይ ከፍ ትላለች። መኪናህ ሌሊቱን ከጦሳ ተራራ ሥር በብርድና በጉም ያድራል። ቀን ኮምቦልቻ ወርዶ ይሞቃል። ማታ ተመልሶ ይቀዘቅዛል። የመብራቱ ጎማ ካረጀ እርጥበቱ ውስጥ ይገባና ጠብታ ይሆናል። ፕላስቲኩን ስትፈታ ውስጡ ላብ ካየህ፣ አረንጓዴ ዝገትም ካየህ፣ አትገረም።

ጥገናው ቀላል ነው፤ ግን በደንብ ይሠራ። መጀመሪያ የባትሪውን ኔጌቲቭ ንቀል። መብራቱን ፍታ። የአምፖሉን መቀመጫ በትንሽ ብርጭቆ ወረቀት አጽዳ። የማሳውን ብሎን አውጣና ሥሩ ያለው ብረት እስኪያበራ ፈግፍገው። የሽቦው ጫፍ ከጠቆረ እስከ ንጹሁ መዳብ ድረስ ቁረጥና አዲስ ካፖኮርዳ (ብሎን የሚገባበት የሽቦ ጫፍ ብረት) አስገባበት። እኔ ብሆን የድሮውን ማሳ አስተካክዬ፣ በተጨማሪ ውፍረቱ 1.5 ካሬ ሚሊ ሜትር የሆነ አዲስ ሽቦ ወደ ቦዲው እጨምርበታለሁ። ካጠበቅህ በኋላ ከላይ ቫዝሊን ቀባ አድርግበት፤ እርጥበት አያስገባም። ናስትሮ (የኤሌክትሪክ ፕላስተር) ብቻ ጠምጥመህ አትተው። ናስትሮ ከላይ ያማረ ይመስላል፤ ሥሩ ግን ውሃ ይይዛል።

ሃዛርዱ ሌላ ጉዳይ ነው። ከግራ ፍሬቻው ጋር አታምታታው። መኪናህ ላይ ያሉት ሁለት ብልሽቶች ናቸው፣ አንተ ግን እንደ አንድ ብልሽት ስላየኸው ነው ሪሌው ላይ የተረባረብከው።

በድሮ መኪና የሃዛርድ ማብሪያው ሁለት ሥራ በአንዴ ይሠራል። አንደኛ፣ የሪሌውን ምግብ፣ ማለትም ኤሌክትሪክ የሚያገኝበትን መስመር፣ ይቀይራል። ፍሬቻ የሚሠራው ቁልፍ ሲዞር ብቻ ነው፤ ሃዛርድ ግን ቁልፍ ተነቅሎም መሥራት አለበት። ስለዚህ ማብሪያውን ስትጫን ሪሌው ከቁልፉ መስመር ይላቀቅና በቀጥታ ከባትሪ ወደሚመጣው መስመር ይዛወራል። ሁለተኛ፣ ከሪሌው የሚወጣውን ለግራም ለቀኝም በአንድ ላይ ይሰጣል።

ከዚህ ብዙ ነገር ታነባለህ። ፍሬቻ ሠርቶ ሃዛርድ ዝም ካለ፣ የባትሪው መስመር ፊውዝ ወይም ማብሪያው ነው። ሃዛርድ ሠርቶ ፍሬቻ ዝም ካለ፣ የቁልፉ መስመር ፊውዝ ወይም የዚያው ማብሪያ ሌላኛው ጥርስ ነው። ብዙ ሰው ይህኛውን አያምነኝም። «ፍሬቻ ነው የተበላሸው፣ የሃዛርድ ማብሪያ ምን አገባው?» ይሉኛል። የፍሬቻው ምግብ የሚያልፈው በእሱ በኩል ስለሆነ ነው የሚያገባው። ሁለቱም ዝም ካሉ ብቻ ነው ሪሌውን መጠርጠር የሚጀመረው።

አንተ አሁን ክላክስ ንፋ። አልቀለድኩም። በብዙ የድሮ ቶዮታ ሃዛርድና ክላክስ አንድ ፊውዝ ይጋራሉ። ክላክሱም ከሞተ ፊውዙ ተቃጥሏል ማለት ነው። በተጻፈው ልክ ተካው። እባክህ በሽቦ ወይም በሲጋራ ፎይል አታገናኝ፤ ከፍ ያለ ፊውዝም አታድርግ። ወዲያው ከተቃጠለ አንድ ቦታ ሽቦ ከቦዲ ጋር ተነካክቷል፤ ፊውዙ መኪናህን ከእሳት አድኗል።

ክላክሱ ከጮኸ ማብሪያውን ጠርጥር። ሃዛርድ በዓመት ስንቴ ይነካል? ሳይነካ የቆየ ማብሪያ ውስጡ ይሻግታል። 20 ጊዜ ያህል ጫን መለስ አድርገው። ብዙ ጊዜ በዚህ ብቻ ነፍስ ይዘራል። ካልሆነ አውጥተህ የኤሌክትሪክ ማጽጃ እርጨው ንፋበት። ልትከፍተው ከሆነ ነጭ ጨርቅ ዘርግተህ ላዩ ላይ ክፈት፤ ከውስጡ ትንንሽ ስፕሪንግና ኳስ ይበርራሉ፤ አንዷ ከጠፋች ማብሪያው አለቀለት።

አሁን ወደ ሽቦው። ባለ ሦስት እግሩ በጃፓን መኪና ላይ ቢ፣ ኤል እና ኢ የሚሉ የእንግሊዝኛ ፊደላት ተጽፈውበታል። ቢ ከፊውዝ የሚመጣው ምግብ ነው። ኤል ወደ ፍሬቻው ማርሽ፣ መሪው ሥር ወዳለው የፍሬቻ ማብሪያ ዘንግ፣ የሚሄደው መውጫ ነው። ኢ ማሳ ነው። በአውሮፓ መኪኖች ላይ ደግሞ ምግቡ 49፣ መውጫው 49 ኤ፣ ማሳው 31 ነው። አንዳንዱ ሲ የሚል አራተኛ እግር አለው፤ እሱ ለክሩስኮቶው (ከሾፌሩ ፊት ላለው የጌጆች ሰሌዳ) ጠቋሚ መብራት ነው። የእግሮቹ አቀማመጥ ከሪሌ ሪሌ ይለያያል። ስለዚህ ቦታቸውን አትመን፤ ፊደሉን አንብብ።

ሽቦህ ተቆራርጦ ስለነበር ቀለሙንም አትመን። ሪሌውን ንቀልና ሦስቱን በመብራት ቴስተር (መቆንጠጫ ያለው ትንሽ አምፖል) ለያቸው። የቴስተሩን መቆንጠጫ ቦዲ ላይ አድርግና ቁልፉን አዙር። የሚበራበት ሽቦ ቢ ነው። እዚያው ላይ ሳለህ ቁልፉን አጥፋና ሃዛርድ ተጫን። አሁንም መብራት አለበት። ካልበራ ከላይ የነገርኩህ የፊውዝ ወይም የማብሪያ ችግር እዚህ ጋ ፊት ለፊት ታየህ ማለት ነው። ቀጥሎ መቆንጠጫውን ወደ ባትሪው ፖዘቲቭ አዙር። ሃዛርዱን አጥፋ፣ የፍሬቻውን ማርሽ መሐል ላይ አድርግ። የቀሩትን ሁለት ሽቦዎች ንካ። የሚያበራው ኢ ነው። የማያበራው፣ ማርሹን ወደ ግራ ወይም ወደ ቀኝ ስታደርግ ግን የሚያበራው ኤል ነው፤ በአምፖሎቹ በኩል ማሳ ስለሚያገኝ።

ሪሌ ሞቷል አልሞተም የሚለውን ክርክር የሚቋጭ ሙከራም እዚሁ አለ። ሪሌው እንደተነቀለ ቢ እና ኤልን በአጭር ሽቦ አገናኝ። ቁልፍ አዙር፣ ፍሬቻ አብራ። አምፖሎቹ ሳይጠፉ ቀጥ ብለው ከበሩ መስመሩ ሁሉ ደህና ነው። ያኔ የኢን ማሳ ፈትሽ፤ እሱም ደህና ከሆነ አሁን ሪሌ ግዛ። ካልበሩ ግን አንድ ሺህ ሪሌ ብትቀያይር ለውጥ የለም። በሽቦው ኤልን ከቢ ጋር ብቻ ነው የምታገናኘው፤ ወደ ኢ እንዳትወስደው፣ ፊውዝ ታቃጥላለህ።

ባለ ሁለት ወይስ ባለ ሦስት ላልከው፣ ማሳ ያለው መቀመጫ ካለህ ባለ ሦስቱን ያዝ። ባትሪው ሲደክምም ፍጥነቱን ብዙም አይቀይርም። ስትገዛ 12 ቮልት መሆኑንና 2/4 በ21 ዋት የሚል መሆኑን እይ። ትርጉሙ ለፍሬቻ ሁለት፣ ለሃዛርድ አራት አምፖል ይሸከማል ማለት ነው። አራቱ ሲበሩ 84 ዋት፣ 7 አምፒር ናቸው። ለ10 ዋት አምፖል የተሠራ የሞተር ሳይክል ሪሌ ገጥሞ ይሠራ ይሆናል፤ ሃዛርድ ስታበራ ግን ይሞቃል። የ24 ቮልቱ የጭነት መኪና ሪሌም ለአንተ አይሆንም።

ስለ ኤልኢዲ። አልከለክልህም፤ መጀመሪያ ግን ይህን ጠግን። ኤልኢዲ የሚወስደው ከረንት በጣም ትንሽ ነው። የድሮው ባለ ቅጠል ሪሌ ጭራሽ አይሞቅለትም፤ ኤሌክትሮኒኩ ደግሞ አምፖል የተቃጠለ መስሎት ይፈጥናል። መፍትሔው ለኤልኢዲ የተሠራ ባለ ሦስት እግር ሪሌ ነው። በየአምፖሉ 6 ኦም ሬዚስተር የሚጨምሩም አሉ። እኔ አልወደውም። ሬዚስተሩ እጅ ያቃጥላል፤ ፕላስቲክ አጠገብ ከታሰረ ያቀልጣል። ደግሞም ከረንት ለመቆጠብ ኤልኢዲ ገዝተህ፣ የተረፈውን በሬዚስተር ማቃጠል ምን ይባላል?

ሃዛርድ ሳይኖራቸው የመጡ የድሮ ቮልስና ፔጆ ያላችሁም ትጠይቁኛላችሁ። ሊገባላቸው ይችላል። ከባትሪው አጠገብ 15 አምፒር ፊውዝ፣ ከዚያ ለሃዛርድ ብቻ የሚሆን ሁለተኛ ሪሌ፣ ከዚያ በአንድ ጊዜ ሁለት መስመር የሚያገናኝ ማብሪያ። የሪሌው መውጫ ወደ ሁለቱም የማብሪያው መግቢያ ይሄዳል። አንዱ መውጫ ወደ ግራ ፍሬቻ ሽቦ፣ ሌላው ወደ ቀኝ። ባለ አንድ መስመር ማብሪያ ገዝታችሁ ግራና ቀኙን በሽቦ እንዳታጣምሩ። ካጣመራችሁ ግራ ስታሳዩ አራቱም ይበራል። እ.ኤ.አ. ከ1967 በፊት የተሠሩ ብዙ ቮልሶች 6 ቮልት ናቸው፤ ሪሌውንም አምፖሉንም በዚያ ልክ ፈልጉ።

ይህን ሁሉ ያስለፈለፈኝ መንገዱ ነው። በደሴና በኮምቦልቻ መሐል ያለውን የሐረጎን ዳገት ታውቀዋለህ። ጉሙ ሲወርድ ከፊትህ ያለው መኪና ጠፍቶብህ በድንገት ከኩርባው ጀርባ ይመጣል። እዚያ ጎማ ፈንድቶበት ሃዛርድ የሌለው መኪና ያስፈራኛል። ግን ሌላም ልማድ አለ። ጉም ሲሆን እየነዱ ሃዛርድ የሚያበሩ ብዙ ናቸው። አራቱ ሲበሩ የፍሬቻው ማርሽ ምንም አያሳይም፤ ግራና ቀኙ ታስረዋል። ልትታጠፍ ስትል ከኋላ ያለው አያውቅም። እየሄድክ ከሆነ ትልቁን መብራት ዝቅ አድርገህ አብራ፣ ቀስ በል። ሃዛርዱን ስትቆም አብራው።

እሁድ ጠዋት የሁለት ሰዓት ሥራ ይበቃሃል። ካቻቪቴ፣ ፒንሳ፣ ብርጭቆ ወረቀት፣ መብራት ቴስተር፣ አንድ ሜትር ሽቦና ሁለት ባለ 21 ዋት አምፖል ያዝ። ከኋላ ግራ ማሳ ጀምር። ከዚያ ክላክሱን፣ ፊውዙንና ማብሪያውን። ሲያልቅ ሞተር አስነሳና ግራ ፍሬቻውን ለግማሽ ደቂቃ ቁጠረው። ከ30 እስከ 60 ጊዜ ከበራ ልክ ነው። ከዚያ ካለፈ አሁንም አንድ አምፖል ከረንት አላገኘም፤ የፊት ግራውን መቀመጫ ፍታ።